ጎጆው ሞልቷል፤ በሩ ተንኳኳ

በሰሜን ፊንላንድ ጫካዎች ውስጥ በራቸው የማይቆለፍ የእንጨት ጎጆዎች አሉ። በአገሩ ቋንቋ «አውቲዮቱፓ» ይባላሉ። ሰው የማይኖርበት ቤት እንደማለት ነው። ክፍያ የላቸውም። ቀድሞ ቦታ ማስያዝ የለም። ጠባቂም የለም። የመሸበት ተጓዥ በሩን ይከፍታል፣ እሳት ያነዳል፣ ያድራል፣ ጠዋት ጠርጎ ይሄዳል።

እነዚህ ጎጆዎች አንድ ደንብ አላቸው። ጎጆው ከሞላ በኋላ ሌላ ሰው ቢመጣ ቅድሚያ የሚሰጠው መጨረሻ ለመጣው ነው። ቦታ የሚለቀው ቀድሞ የገባው፣ ያረፈው፣ ልብሱን ያደረቀው ሰው ነው።

ሰልፍ ለለመድን ሰዎች ይህ የተገለበጠ ነገር ይመስላል። ቀድሞ የመጣ ቀድሞ ይስተናገዳል ሲባል ነው ያደግነው። እኔም መጀመሪያ ስሰማው «ታዲያ በጠዋት ተነስቶ ጠንክሮ የተጓዘው ሰው ምን በደለ?» ብዬ ነበር። ቆይቼ ሳስበው ግን ከዚህ የተሻለ ደንብ ማግኘት አቃተኝ። ከቤት ርቀን መጠለያ ስለመጋራት ማወቅ ከሚያስፈልገን ነገር አብዛኛው እዚህች ደንብ ውስጥ አለ። ስለዚህ ከእሷ እንነሳ።

መጨረሻ የመጣው ለምን ይቅደም?

ጎጆው የተሠራው ሰው በብርድ እንዳይሞት ነው። ምቾት ከዚያ በኋላ የሚመጣ ነገር ነው። ይህን ከያዝን «ማን ቀደመ?» የሚለው ጥያቄ ቦታ አይኖረውም። የሚቀረው ጥያቄ «ዛሬ ሌሊት ውጭ ቢያድር የሚጎዳው ማን ነው?» የሚለው ነው።

ሁለት ሰዎች እናስብ። አንዷ ከቀኑ 9 ሰዓት ላይ ደርሳለች። በልታለች። ካልሲዋ ምድጃው አጠገብ ተሰቅሎ ደርቋል። ቦርሳዋ ውስጥ ድንኳን አላት። ሌላው ከምሽቱ 4 ሰዓት ላይ ዝናብ እየወረደበት መጣ። ጃኬቱ ውሃ ያንጠባጥባል። ጣቶቹ ደንዝዘው የቦርሳውን ማሰሪያ መፍታት አልቻሉም። ሁለቱም ያን ቀን የተጓዙት መንገድ እኩል ሊሆን ይችላል። ሰውነታቸው ያለበት ሁኔታ ግን እኩል አይደለም።

የሰውነት የውስጥ ሙቀት ከ35 ዲግሪ ሴንቲ ግሬድ በታች ሲወርድ ሐኪሞች ሃይፖሰርሚያ ይሉታል። ብዙ ሰው ይህ የሚመጣው በረዶ ባለበት ብቻ ይመስለዋል። አይደለም። ውጭው 10 ዲግሪ ሆኖም ሊመጣ ይችላል። ልብስ ከረጠበና ነፋስ ካለ ይበቃል። ውሃ የሰውነትን ሙቀት የሚወስደው ከአየር በ25 እጥፍ ገደማ በሚበልጥ ፍጥነት ነው። ስለዚህ በዝናብ የበሰበሰ ሰው፣ ደረቅ ልብስ ለብሶ በረዶ ላይ ከቆመ ሰው የባሰ አደጋ ውስጥ ሊሆን ይችላል።

ምልክቶቹን ማወቅ ጥሩ ነው። መጀመሪያ ሰውየው ይንቀጠቀጣል። ከዚያ ንግግሩ ይጎተታል። እግሩ ይደናቀፋል። ቀላል ነገር ማድረግ ያቅተዋል፤ ዚፕ መዝጋት እንኳ። ሲብስ መንቀጥቀጡ ይቆማል። ይህን አይቶ «ተሻለው» ማለት ትልቅ ስህተት ነው። መንቀጥቀጥ የቆመው ሰውነቱ አቅም ስላጣ ነው። ከሁሉ የሚከፋው ደግሞ ሰውየው ራሱ ነገሩን አለማወቁ ነው። «ደህና ነኝ፣ ትንሽ ራቅ ብዬ ድንኳን እተክላለሁ» ሊላችሁ ይችላል። ድንኳን የሚተክል እጅ ግን በዚያ ሰዓት የለውም።

የፊንላንዶቹ ደንብ እዚህ ላይ ግልጽ ይሆናል። ደረቁና የጠገበው ሰው ድንኳን ውስጥ ቢያድር የሚያጣው ምቾት ነው። የረጠበው ውጭ ቢያድር ሕይወቱን ሊያጣ ይችላል። ለእኔ ይህ የደግነት ጉዳይ ብቻ አይደለም። ጉዳቱን ከመዘናችሁ ሌላ መልስ አታገኙም።

«ይህማ ሰነፉን መሸለም ነው፤ ዘግይቶ የመጣ ሁሉ አልጋ ሊያገኝ ነው» የሚል ሰው ይኖራል። ደንቡ ግን አንድ ነገር ታሳቢ ያደርጋል። ሁሉም ሰው የራሱን ማደሪያ ይዞ ይጓዛል። ጎጆው የመጀመሪያ ዕቅድ መሆን የለበትም። «መጠለያ አለ» ብሎ ድንኳኑን ቤት ጥሎ የሚወጣ ሰው ሸክሙን አቀለለ። ያቀለለውን ግን ለሌላ ሰው ነው ያሸከመው። ማታ ቦታ ሲጠብ መልቀቅ አይችልም፤ የሚሄድበት የለውምና። ድንኳን ወይም ቢያንስ ጥሩ የዝናብ ሸራ ይዞ መጓዝ ለራስ ጥንቃቄ ነው። ለማታውቁት ሰው ቦታ የምትለቁበትም መንገድ ነው።

የጋራ ነገር የሚያጣላው ለምንድን ነው?

ትንሽ ወደ ኋላ ልመለስና ነገሩን ከሥሩ ላሳይ።

ኢኮኖሚስቶች ስለ አንድ ነገር ሁለት ጥያቄ ይጠይቃሉ። አንደኛ፣ ሌላውን ሰው እንዳይጠቀም መከልከል ይቻላል ወይ? ሁለተኛ፣ እኔ ስጠቀምበት ለሌላው ይቀንሳል ወይ? የእኔ ጫማ ሌላ ሰው እንዳያደርገው መከልከል እችላለሁ፤ እኔ ካደረግሁት ደግሞ ሌላው አያደርገውም። የሬዲዮ ስርጭት ተቃራኒው ነው። ማንም መስማት ይችላል፤ የእኔ መስማት የእናንተን አይቀንስም።

በተራራ ላይ ያለ ክፍት መጠለያ መሃል ላይ ይወድቃል። በሩ ስለማይቆለፍ ማንንም መከልከል አይቻልም። እኔ የተኛሁበት መደብ ላይ ግን ሌላ ሰው አይተኛም። የተቆለለው ማገዶም እንደዚያው ነው። አጠገቡ ያለው ምንጭም። ችግር የሚወለደው ከዚህ ነው።

አሜሪካዊው የሥነ ሕይወት ምሁር ጋሬት ሃርዲን በ1968 ስለዚህ ጉዳይ ጽፎ ነበር (እዚህ የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። ምሳሌው የጋራ ግጦሽ ነው። እያንዳንዱ እረኛ አንድ ከብት ቢጨምር ትርፉ የራሱ ነው፤ የሣሩ መሳሳት ግን ለሁሉም ይከፋፈላል። ስለዚህ ሁሉም ይጨምራል። በመጨረሻ ግጦሹ ይጠፋል። የሃርዲን መልስ ወይ መንግሥት ይቆጣጠረው ወይ የግል ይሁን የሚል ነበር።

አሜሪካዊቷ የፖለቲካ ሳይንስ ምሁር ኤሊኖር ኦስትሮም ሌላ መንገድ መረጠች። ሰዎች በእውነት ምን እንደሚያደርጉ አጠናች። በዓለም ዙሪያ የጋራ ውሃን፣ ደንን፣ ግጦሽንና የዓሣ ማጥመጃን ለዘመናት ሳያጠፉ የተጠቀሙ ማኅበረሰቦችን መረመረች። ከምሳሌዎቿ አንዱ ቶርቤል የተባለ የስዊዘርላንድ መንደር ነው። እዚያ በ1517 የተጻፈ ደንብ አለ። ማንም ሰው ክረምቱን ሊቀልባቸው ከሚችለው በላይ ላሞች ወደ ጋራው ግጦሽ መስደድ አይችልም ይላል። ጠባቂ ሠራዊት አላስፈለገም። ሁሉም የሚገባው፣ ሁሉም ሊያየው የሚችል ልክ ብቻ አስፈለገ። ኦስትሮም በ2009 በኢኮኖሚክስ የኖቤል ሽልማት ስትቀበል በዘርፉ የመጀመሪያዋ ሴት ሆነች።

የተራራ ጎጆ ግን ከመንደር አንድ ትልቅ ልዩነት አለው። በመንደር ውስጥ ጎረቤቴን ብበድል ነገም አገኘዋለሁ። ጎጆ ውስጥ ማገዶውን ጨርሼ ብሄድ የሚበርደው ከሦስት ቀን በኋላ የሚመጣ ሰው ነው። ፊቱን አላየውም። ስሜንም አያውቅም። በጎጆ ውስጥ አብራችሁ የምትካፈሉት ዛሬ አጠገባችሁ ከተኛው ጋር ብቻ አይደለም። ገና ካልመጣው ጋርም ነው። ከባዱ ይሄኛው ይመስለኛል።

የተለያዩ አገሮች መልስ

በአሜሪካ የአፓላቺያን መንገድ ከጆርጂያ ተነስቶ 14 ግዛቶችን አቋርጦ ሜን ይደርሳል። ርዝመቱ 3,500 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። በላዩ ላይ ከ250 በላይ መጠለያዎች አሉ። ብዙዎቹ ሦስት ግድግዳ ብቻ ያላቸው ናቸው፤ አንዱ ጎን ክፍት ነው። በአብዛኛው ቦታ ቀድሞ የደረሰ ይይዛል። ዝናብ ሲመጣ ግን ልማዱ ይለወጣል። ሰው ይጠጋጋል። ስድስት ሰው በሰፊው የተኛበት ወለል ላይ ስምንት፣ ዘጠኝ ሰው ይተኛል።

ኒውዚላንድ ሌላ ዘዴ አላት። የተፈጥሮ ጥበቃ መሥሪያ ቤቱ ከ950 በላይ ጎጆዎች ያስተዳድራል። ለብዙዎቹ ትኬት ይገዛል። ትኬቱ ግን አልጋ አያረጋግጥም። ይህን የማያውቅ ሰው ማታ ላይ «ከፍያለሁ እኮ!» ብሎ ይጣላል። ትኬቱ ጎጆውን የመጠቀም ፈቃድና ለእድሳቱ የሚደረግ መዋጮ ነው፤ የተቆጠረ ወንበር አይደለም። በጣም ሰው በሚበዛባቸው ዝነኛ መንገዶች ላይ ግን ቀድሞ ማስያዝ ግድ ነው። እዚያ አልጋው በእርግጥ የእናንተ ነው። ልዩነቱን ከመነሳታችሁ በፊት ማወቅ ብዙ ጭቅጭቅ ያስቀራል።

በአልፕስ ተራሮች ብዙ ጎጆዎች አስተናጋጅ አላቸው። የስዊስ አልፓይን ክለብ በ1863 ሲመሠረት የመጀመሪያውን ጎጆ በዚያው ዓመት ሠራ። ዛሬ እንዲህ ያሉ ጎጆዎች ላይ ቦታ የሚያዘው ቀድሞ ነው። ይህ ለአስተናጋጁም ለእንግዳውም ይመቻል። አንድ በሽታ ግን አለው። አስይዞ መቅረት። የቀረው ሰው አልጋ ባዶ ያድራል፤ ቦታ የለም ተብሎ ዕቅዱን የቀየረ ሰው ደግሞ ሌላ ቦታ ይንከራተታል። ሐሳባችሁ ከተቀየረ መሰረዝ የአንድ ደቂቃ ሥራ ነው። በተራራ ላይ ደግሞ ሌላም ትርጉም አለው። የሚጠበቅ ሰው ሲቀር አስተናጋጁ «የት ወድቆ ይሆን?» ብሎ ይጨነቃል።

ኖርዌይ ውስጥ በ1868 የተቋቋመው የቱሪስት ማኅበር ከ500 በላይ ጎጆዎች አሉት። ከነዚህ ብዙዎቹ ሰው የሌለባቸው ናቸው። አባላት አንድ ዓይነት ቁልፍ ይይዛሉ። አንዳንዶቹ ጎጆዎች ውስጥ የታሸገ ምግብ ያለበት ጓዳ አለ። የወሰዳችሁትን ራሳችሁ ትመዘግባላችሁ፤ ራሳችሁ ትከፍላላችሁ። የሚፈትሻችሁ የለም። ይህን ሳነብ ሁልጊዜ ልቤ ይነካል። መተማመን በሕግ አይታዘዝም። በየቀኑ ትንሽ ትንሽ የሚከፍሉ ሰዎች ናቸው ያቆሙት።

ስኮትላንድ ውስጥ «ቦዚ» የሚባሉ የድንጋይ ቤቶች አሉ። ብዙዎቹ ድሮ እረኞችና የእርሻ ሠራተኞች የኖሩባቸው ናቸው። በ1965 የተቋቋመ የበጎ ፈቃደኞች ማኅበር በስኮትላንድ፣ በእንግሊዝና በዌልስ ወደ 100 የሚጠጉ እንዲህ ያሉ ቤቶችን ይጠግናል። ቤቶቹ ግን በአብዛኛው የማኅበሩ ንብረት አይደሉም። የባለ መሬቶቹ ናቸው። ክፍት የሆኑት ባለቤቱ ስለፈቀደ ነው። ተጓዦች ቤቱን ካበላሹ ባለቤቱ ሊቆልፈው ይችላል። ከደንቦቻቸው አንዱ ስለ ቡድን ነው። 6 ሰው ወይም ከዚያ በላይ ከሆናችሁ ያለ ባለቤቱ ፈቃድ አትጠቀሙ ይላል። ምክንያቱ ቀላል ነው። ስምንት ጓደኛሞች አንድ ትንሽ ቤት ሲሞሉ ቤቱ የጋራ መሆኑ ያበቃል። የእነሱ ይሆናል። ዘጠነኛው ሰው ቢገባም እንደ ባዳ ነው የሚያድረው።

እኔን ብትጠይቁኝ፣ ሰው በሚበዛበት መንገድ ላይ ማስያዝ የግድ ነው። ሰው በማይበዛበት ግን የፊንላንዶቹን መንገድ እመርጣለሁ። በሁሉም አገር ግን አንድ ነገር አይለወጥም። የታመመ፣ የተጎዳ ወይም ማዕበል የያዘው ሰው በር ላይ ሲቆም ትኬትም ተራም አይቆጠርም።

ሌሊቱ

አሁን ወደ ወለሉ እንውረድ። አንድ የተለመደ የመኝታ ምንጣፍ ወርዱ 50 ሴንቲ ሜትር ገደማ ነው። ስለዚህ 4 ሜትር ርዝመት ያለው መደብ ስምንት ሰው ይይዛል። ስምንት የሚይዘው ግን ሁሉም ምንጣፉን ብቻ ካነጠፈ ነው። አንድ ሰው ቦርሳውን አጠገቡ ካስተኛ ሰባት ሆነ። ሌላው ልብሱን ከበተነ ስድስት። መጠለያ ውስጥ ድንኳን የሚተክሉም አሉ፤ ከትንኝ ወይም ከብርድ ለመሸሽ። የአንድ ሰው ድንኳን ወርዱ ወደ 90 ሴንቲ ሜትር ይሆናል። የሁለት ሰው ቦታ ማለት ነው። መጠለያው ባዶ ሆኖ እንኳ እንዲህ ከማድረግ ብትቆጠቡ መልካም ነው። ማታ ሰው ቢመጣ በጨለማ ድንኳን መንቀል ለማንም አይመችም፤ የመጣውም ሰው ለመጠየቅ ይፈራል።

ቦርሳ ይሰቀላል ወይም ከእግር በኩል ይቀመጣል። «ጓደኞቼ እየመጡ ነው» ብሎ ሦስት ምንጣፍ ማንጠፍ ግን ልክ አይደለም። ቦታ የሚይዘው ሰውነት ነው። ጓደኞቻችሁ ሲደርሱ ቦታ ካለ ይገባሉ፤ ከሌለ አብራችሁ ድንኳን ትተክላላችሁ።

አዲስ ሰው ሲመጣ የሚሠራው ትልቁ ነገር አንድ ነው። ሳይጠይቅ መንቀሳቀስ። በር ላይ የቆመ እንግዳ ክፍሉን አይቶ በአንድ ዓይን ይገባዋል፤ ቦታ እየተፈለገለት እንደሆነ ወይም ሰዎቹ አንገታቸውን እንደቀበሩ። ከመናገሩ በፊት ምንጣፋችሁን ትንሽ ሳብ አድርጉ። «ግባ፣ ግቢ፣ ቦታ አለ» በሉ። ሙቅ ውሃ ካላችሁ አቅርቡ።

ከጨለማ በኋላ ድምፅ ይቀንሳል። ጎህ ሳይቀድ የምትነሱ ከሆነ ዕቃችሁን ማታውኑ አዘጋጁ። ከሌሊቱ 10 ሰዓት ላይ የፌስታል መንኮሻኮሽ ምን ያህል እንደሚጮህ የሰማ ያውቀዋል። የግንባር መብራት ስታበሩ ወደ ሰው ፊት አታዙሩ። ቀይ ብርሃን ካለው እሱን ተጠቀሙ፤ ጨለማ የለመደ ዓይንን ያን ያህል አይረብሽም። ልብሳችሁን ተሸክማችሁ ወጥታችሁ ውጭ ብታሸጉ ደግሞ ትመረቃላችሁ።

ማንኮራፋትስ? እዚህ ላይ የሚያንኮራፋውን ሰው አልወቅስም። ተኝቷል፤ ምን ያድርግ። የጆሮ መድፈኛ ክብደት የለውም፤ ሁሉም ሰው ቢይዝ ጥሩ ነው። በጣም እንደምታንኮራፉ የምታውቁ ከሆነና አየሩ ጥሩ ከሆነ ግን ድንኳናችሁን መትከል ትልቅ ውለታ ነው። ውሻ ያለውም ሰው እንዲሁ። የእናንተ ውሻ ለእናንተ ልጅ ነው። ለሌላው ግን እርጥብና የማይታወቅ እንስሳ ነው፤ ከመግባቱ በፊት ጠይቁ።

የማይታዩ እንግዶች

ሰው የሚያድርበት ቦታ ሁሉ አይጥ አለ። ምግብ የሚመጣው እኛ ጋ ስለሆነ ነው። ምግባችሁን ስቀሉ ወይም ጠንካራ ዕቃ ውስጥ ዝጉ። ቦርሳ ውስጥ ከተዋችሁት አይጧ ቦርሳውን በልታ ትገባለች። ድብ ባለበት አገር ምግብና የጥርስ ሳሙና ጭምር ከመኝታ ይርቃሉ።

ዋናው ነገር ግን የምግቡ መበላት አይደለም። የአንዳንድ አይጦች ኩስና ሽንት ሃንታ የሚባል ቫይረስ ሊይዝ ይችላል። ሰው የሚያዘው በአብዛኛው አቧራውን ሲተነፍስ ነው። በ2012 በአሜሪካ ዮሰሚቲ ብሔራዊ ፓርክ 10 ጎብኚዎች ተይዘው 3ቱ ሞተዋል። አብዛኞቹ ያደሩት በድንኳን ጎጆዎች ውስጥ ነበር፤ አይጦቹ ድርብ ግድግዳው መሃል ጎጆ ሠርተው ነበር። ስለዚህ የአይጥ ኩስ ያለበትን ወለል በደረቁ አትጥረጉ። በሩንና መስኮቱን ከፍታችሁ አየር ይግባ። ከዚያ ወለሉን በፀረ ተህዋስያን አርጥባችሁ ጥረጉ። ይህ ከሌላችሁ ሌላ ቦታ ተኙ።

ኖሮቫይረስ ደግሞ ከአንድ መጠለያ ወደ ሌላው በተጓዦች እጅ ይሄዳል። ማስመለስና ተቅማጥ ያመጣል። ብዙ ሰው በአልኮል ጄል እጁን አሽቶ የጨረሰ ይመስለዋል። ጄል ይህን ቫይረስ በደንብ አይገድለውም። ሳሙናና ውሃ ነው የሚያስለቅቀው። እጃችሁን ወደ ሌላ ሰው የምግብ ከረጢት አታስገቡ፤ እሱ በእጃችሁ ላይ ያፍስስላችሁ። ከታመማችሁ ደግሞ ድንኳን ውስጥ ተኙ፤ ግን ለሰዎቹ ንገሯቸው። ብቻችሁን ከድርቀት ጋር እንዳትታገሉ።

በተዘጋ ቤትና በድንኳን ውስጥ በጋዝ ወይም በከሰል ማብሰል ሌላው አደጋ ነው። ካርቦን ሞኖክሳይድ ቀለም የለው፣ ሽታ የለው። ራስ ምታትና እንቅልፍ ይመጣል፤ በዚያው ይወስዳል። ምድጃ በር አጠገብ፣ አየር ባለበት ይሁን። ሌሊት ለሙቀት ብሎ የጋዝ ወይም የከሰል እሳት አቀጣጥሎ መተኛት ፈጽሞ አይሞከርም።

ድንኳን ለድንኳን

መጠለያው ሞልቶ ውጭ ስትተክሉ ደግሞ ብዙዎቻችንን የሚያሳስት ጥያቄ ይመጣል። የተረገጠ ቦታ ላይ ልትከል ወይስ ንጹሕ ሣር ላይ?

መልሱ እንደ ቦታው ነው። ዕፅዋት በሰው እግር ሲጎዱ ጉዳቱ እኩል አይጨምርም። አብዛኛው ጥፋት የሚደርሰው በመጀመሪያዎቹ ጥቂት ሌሊቶች ነው። ቦታው አንዴ ከተራቆተ በኋላ አንድ ሰው ቢጨመር ብዙም አይባባስም። ስለዚህ ሰው በሚበዛበት አካባቢ ቀድሞ የተራቆተው ቦታ ላይ መሰብሰብ ይሻላል። አዲስ ጠባሳ አትፍጠሩ። ሰው በማይደርስበት አካባቢ ግን ተቃራኒው ነው። ተበታተኑ፤ አንድ ቦታ ላይ ደጋግማችሁ አትተኙ፤ መሬቱ የሚያገግምበት ጊዜ ስጡት። ሁለቱን ማምታታት ነው ብዙ ጥፋት የሚያመጣው።

ከውሃ ዳር 60 ሜትር ያህል ራቁ። ውሃው ለሰው ብቻ አይደለም፤ ሌሊት የሚጠጡ እንስሳት አሉ። መጸዳጃም ከውሃ፣ ከመንገድና ከመኝታ ያንኑ ያህል ይርቃል፤ ጉድጓዱ ከ15 እስከ 20 ሴንቲ ሜትር ይቆፈራል። ከሰው ቤት ስለመራቅ ደግሞ አገሮች የየራሳቸው ሕግ አላቸው። የኖርዌይ የ1957 ሕግ ለምሳሌ ሰው ከሚኖርበት ቤት ቢያንስ 150 ሜትር ራቁ፣ ያለ ፈቃድ አንድ ቦታ ከሁለት ሌሊት በላይ አትቆዩ ይላል። ከሰፈር ርቆ በተራራው ላይ ግን ከዚያ በላይ መቆየት ይፈቅዳል።

ሌላ ድንኳን አጠገብ ከመትከላችሁ በፊት ሰላም ብላችሁ ጠይቁ። ሰፊ ሜዳ ላይ ሰው ጎን መለጠፍ ያስፈራል። በተለይ ብቻዋን ለምታድር ሴት። ስለዚህ አንድ ነገር በግልጽ ልበል። መጋራት ማለት ፍርሃትን መዋጥ አይደለም። መጠለያ ውስጥ ያለ ሰው ካላማራችሁ ውጡ። ምክንያት መስጠት የለባችሁም። ነገ የት እንደምታድሩ ለጠየቀ ሁሉ መመለስም የለባችሁም። የራስን ድንኳን መያዝ እዚህም ላይ ይጠቅማል። ሌላው ሰው ቀዝቀዝ ብሎባችሁ ቢወጣ ደግሞ አትቀየሙ። እናንተን አያውቃችሁም።

ጠዋት

ቀዝቃዛ አገር ባለ ጎጆ ውስጥ የመጀመሪያው የጠዋት ሥራ ማገዶ ነው። የተጠቀማችሁትን ያህል ቁረጡ፣ ፍለጡ፣ ደረቅ ቦታ ደርድሩ። በላዩ ላይ ቀጫጭን መለኮሻ አስቀምጡ። ጣቱ የደነዘዘ ሰው ግንድ መፍለጥ አይችልም። ክብሪት መጫር ግን ይችል ይሆናል። አመዱ መብረዱን በእጅ ጀርባ አረጋግጡ። ቆሻሻችሁን በሙሉ ተሸክማችሁ ሂዱ። የተረፈ ምግብ «ለሚመጣው ሰው» ብሎ መተው ደግነት ይመስላል፤ አብዛኛውን ጊዜ የሚበላው አይጡ ነው።

ብዙ መጠለያዎች ውስጥ መዝገብ አለ። ባታድሩም ጻፉበት። ቀኑን፣ ስንት እንደሆናችሁ፣ ወዴት እንደምትሄዱ። አንድ ቀን ሰው ቢጠፋ ነፍስ አድን ቡድኖች የሚገልጡት እሱን ነው። በየትኛው ጎጆ እንዳለፈና በየትኛው እንዳልደረሰ ካወቁ የሚፈልጉበት ተራራ በብዙ ይጠባል።

ከዚያ በሩ። ጎትታችሁ ዝጉት፤ መቀርቀሪያው መያዙን በእጃችሁ ገፍታችሁ እዩ። በደንብ ያልተዘጋ በር ነፋስ ይከፍተዋል፤ በረዶ ገብቶ መደቡን ይሞላል። በጎች ባሉበት አገር ደግሞ በግ ከብርድ ሸሽታ ትገባለች። ነፋሱ በሩን መልሶ ይዘጋባታል። መውጣት አትችልም። ሰው እስኪመጣ ስንት ቀን እንደሚሆን አይታወቅም።